ጓሳውን የሚዘጋው ማነው?

(ከወር በፊት ለአንድ የንባብ ማኅበር ያደረግሁት ንግግር ነው። ለንባብ እንዲመች እዚህም እዚያም ቆርጬ ቀጥዬዋለሁ፤ የአነጋገር ወዙን ግን ሆን ብዬ ትቼዋለሁ።)

ጤና ይስጥልኝ።

ሲጋብዙኝ «ስለ ተራራና ስለ ነፃነት ንገረን» ነው ያሉኝ። ተራራና ነፃነት ሲባል ሁላችንም የምናውቀው ወግ አለ። ጠላት ይመጣል፣ ጀግናው ጠመንጃውን አንግቶ ተራራ ይወጣል፣ ዋሻ ይገባል፣ ከዚያ ፉከራው ይቀጥላል። እሱንም እደርስበታለሁ። ዛሬ ይዤ የመጣሁት ግን ጠመንጃ ሳይሆን ሣር ነው። ይኸውላችሁ፣ ተቀባበሉት። ጣታችሁን በላዩ ላይ ሸርተት እንዳታደርጉት ብቻ፤ ይቆርጣል።

ይህ ሣር ጓሳ ይባላል። እኛ መንዝ ውስጥ ሣሩንም ሣሩ የሚበቅልበትን አገርም ጓሳ ነው የምንለው። መንገዱን የማታውቁ ካላችሁ፣ ደብረ ብርሃንን አልፋችሁ ጣርማ በር ላይ ወደ ግራ ትታጠፉና በመዘዞ አድርጋችሁ ወደ መሐል ሜዳ ታቀናላችሁ። በቀኝ በኩል መሬቱ ድንገት ያልቃል። ገደል ነው፤ ከሥሩ ቆላው፣ ከዚያ ወዲያ የአፋር ምድር በጭጋግ ይታያል። በግራ በኩል ደግሞ ከ3,200 እስከ 3,700 ሜትር ከፍታ ላይ የተዘረጋ፣ ስፋቱ 100 ካሬ ኪሎ ሜትር ግድም የሚሆን ሜዳ አለ። ጅብራው፣ ያ ረዥሙ የውርጭ አገር ተክል፣ እዚህም እዚያም ብቻውን ቆሟል። ከሸንተረሩ በምሥራቅ የወረደው ዝናብ አዋሽ ይገባል፤ በምዕራብ የወረደው በጀማ አድርጎ ዓባይ ይገባል። እዚያ ላይ ቆሞ ምራቁን የተፋ ሰው ንፋሱ ነው የሚወስንለት፣ ይሉ ነበር የሰፈራችን ልጆች።

ሣሩ ምን ያደርጋል? ቤት ይከድናል። ከስንዴ ገለባ ጋር አይወዳደርም፤ በደንብ የተከደነ የጓሳ ቤት አንድ ትውልድ ያሳድጋል። ገመድ ይሆናል። ገሳ ይሆናል። ከተማ ያደጋችሁት ገሳን አታውቁትም መሰለኝ፤ እረኛ ዝናብ ሲመጣ ከራሱ እስከ ቁርጭምጭሚቱ የሚደርበው የሣር ካባ ነው። ፕላስቲክ ሳይመጣ በፊት የመንዝ እረኛ በክረምት ከሩቅ ሲታይ የሚንቀሳቀስ የሣር ክምር ይመስል ነበር። በክፉ ዓመት ደግሞ፣ በልግ ሲቀርና ውርጭ ገብሱን ሲመታው፣ በጉ የሚተርፈው በጓሳው ነው። በግ ከተረፈ ሱፍ አለ፣ ሱፍ ካለ ባና እና ዝተት የሚባለው የሱፍ ልብስ ተሸምኖ ገበያ ይወጣል፣ ገበያ ከተወጣ እህል ይገዛል። ስለዚህ እኛ ዘንድ ሣር ማለት የረሃብ መድን ነው።

አሁን ዋናው ነገር። ይህ ሁሉ ሣር ክፍት ሆኖ ቢተው ኖሮ በሁለት ዓመት ባለቀ ነበር። ያላለቀው ስለሚዘጋ ነው።

መንዝ ሦስት ነው፤ ማማ ምድር፣ ላሎ ምድር፣ ጌራ ምድር። ጓሳው ያለው በጌራ ምድር ነው። ሽማግሌዎቹ እንደሚሉት አስቦና ጌራ የተባሉ ሁለት አቅኚ አባቶች አገሩን ሲይዙ ይህን ሜዳ ለእርሻ አላደሉትም፤ ለግጦሽና ለሣር ለይተው አስቀመጡት። ነገሩ ከጀመረ አራት መቶ ዓመት ገደማ እንደሚሆነው ይገመታል። ሥርዓቱ ቄሮ ይባል ነበር። ፈገግ አትበሉ፣ ቃሉ ዛሬ በሌላ ትርጉም እንደገነነ አውቃለሁ፤ የእኛው የሣር ጉዳይ ነው። የአስቦና የጌራ ዘር ነኝ ብሎ የሚቆጥር ሁሉ በአጽመ ርስት ድርሻ አለው። ባለድርሻዎቹ ተሰብስበው አለቃ ይመርጣሉ። አለቃው «ጓሳው ተዘግቷል» ካለ ተዘጋ ነው። ሦስት ዓመት ሊዘጋ ይችላል፣ አንዳንዴም አምስት። ሣሩ ደረሰ ሲባል፣ ደረቁ ወቅት ጠንክሮ ከብቱ ሲከሳ ይከፈታል። መጀመሪያ ማጭድ ይገባል፣ ቀጥሎ ከብቱ ይለቀቃል፣ ክረምቱ ሲቃረብ እንደገና ይዘጋል። አቅም ያለው አባወራ ሁሉ ተራ ገብቶ ይጠብቃል፣ አሰሳም ይወጣል።

ቅጣቱስ? በልጅነቴ እጅግ የሚያስፈራኝ እሱ ነበር። በተዘጋ ጓሳ በሰረቀው ሣር ቤቱን የከደነ ሰው፣ ቤቱ ይቃጠላል ነው የሚባለው። ሣሩን መልስ አይባልም፤ ክዳኑ ከነቤቱ ይጋያል። ይህን ስነግራችሁ ፊታችሁ ላይ ሁለት ነገር አየሁ። ግማሻችሁ «ወይ ጭካኔ!» አላችሁ፣ ግማሻችሁ «እንዲህ ነው እንጂ!» አላችሁ። እኔ ራሴ በሁለቱ መካከል ስመላለስ ሃምሳ ዓመት አልፎኛል።

ምክንያቱም ሌላ ነገር አለ። የእኛ ጎረቤት ሸክላ ሠሪ ነበረች። ጠይብ ነው የሚሏት፤ ቃሉን ስጠራው አሁንም አፌን ይኮመትረኛል። እናቴ ምጣድና ጀበና ከእሷ ትገዛለች፤ ግን እሷ ቤት ቡና አትጠጣም። የአስቦም የጌራም ዘር ስላልሆነች ጓሳው ተከፈተ ሲባል፣ አገሩ ሁሉ እየዘፈነ ማጭዱን ስሎ ሲወጣ፣ እሷ በር ላይ ቆማ ታያለች። ቤቷ በገለባ ነበር የተከደነው። በየዓመቱ ያፈሳል፣ በየዓመቱ ትጠግነዋለች። እንግዲህ «አባቶቻችን ጥበበኞች ነበሩ» የሚለውን ንግግር ስሰማ፣ አዎ ነበሩ እላለሁ፤ ወዲያው ግን ያ የሚያፈስ ጣሪያ ትዝ ይለኛል። ጓሳው የተጠበቀው ባለቤት ስላለው ነው። ባለቤት አለው ማለት ደግሞ ባለቤት ያልሆነ ሰው አለ ማለት ነው።

ይህን እዚህ ላይ ላቁመውና ወደ ዋሻው ልግባ፤ ቃል ገብቻለሁና።

በጣሊያን ጊዜ ራስ አበበ አረጋይ የሚመሩት የሸዋ አርበኛ መንዝን አንዱ መናኸሪያው አድርጎት ነበር። ለምን መንዝ? «ተራራ ስለሆነ» ይባላል። ተራራማ አገር ግን ብዙ ነው። ሰው በተራራ ከፍታ አይዋጋም፤ በገብስ ነው የሚዋጋው። ገብሱን የሚሰጥ ገበሬ፣ በግ የሚሰጥ እረኛ፣ ቁስለኛ ደብቃ የምታስታምም ሴት ባለበት ነው የሚዋጋው። ይህን የምለው እንዲያው በግምት አይደለም።

ሚያዝያ 1931 ዓ.ም. የጣሊያን ጦር በመንዝ አካባቢ ዘረት የሚባለውን ዋሻ ከበበ። የአገሩ ሰው አመጸኛ ዋሻ ይለዋል። ውስጡ የነበረው የአርበኛው ጓዝ ነው፤ ቁስለኞች፣ ሽማግሌዎች፣ ሴቶች፣ ሕፃናት፣ ከብቶቻቸውም ጭምር። ጠብመንጃ የያዘው ጥቂቱ ነው። ጣሊያኖቹ በጥይት ስላልተቻላቸው የመርዝ ጋዝ ተጠቀሙ፤ ጋዙ የሚያቃጥልና የሚያፍን ነበር። እጁን ሰጥቶ ከወጣው መካከል ወንድ ወንዱን ለይተው በገደሉ አፋፍ ረሸኑት። በመቶዎች የሚቆጠር ሰው አለቀ። መሪያቸው ተሾመ ሸንቁጥ ጥቂት ሰዎች ይዘው በሌሊት ከከበባው አምልጠዋል። ነገሩ ከአካባቢው ሰው በቀር ብዙም ሳይሰማ ቆየና፣ እ.ኤ.አ. በ2006 ማቴዮ ዶሚኒዮኒ የተባለ ኢጣሊያዊ የታሪክ ተመራማሪ የጦሩን ሰነድ ተከትሎ ዋሻውን አገኘው።

ከዚያ በኋላ የመሬት ቁፋሮ ተመራማሪዎች ገቡ። ምን አገኙ መሰላችሁ? የጥይት ቀለህ አለ፣ ይጠበቃል። ግን ከሁሉ የበዛው የቤት ዕቃ ነው። የእህል ጎተራ፣ የተሰባበረ ሸክላ፣ ምድጃ፣ የእንጨትና የሰፌድ ቁራጭ። እነዚያ ሴቶች ዋሻው ውስጥ ቤት ሠርተው ነበር። ወፍጮ ይፈጫሉ፣ ይጋግራሉ፣ ልጅ ያጠባሉ። የእኛ የአርበኝነት ትረካ ፈረሱንና ጎራዴውን ያስታውሳል፤ የወፍጮውን ድምፅ አያስታውስም። እኔ ደግሞ ያንን የተሰባበረ ሸክላ ሳስብ መጀመሪያ ወደ ልቤ የምትመጣው ያቺ ሸክላ ሠሪ ጎረቤታችን ናት። ያን ጊዜ አርበኛው የበላበትን ምጣድ የሠራው ማነው? ነፃነቱ ሲመለስ ጓሳው ውስጥ ድርሻ ተሰጠው? አልተሰጠውም።

ድርሻው የመጣው የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. ነው። ደርግ የገጠር መሬትን የሕዝብ ያደረገበት አዋጅ። አዲስ አበባ ላይ ሕዝቡ በደስታ አደባባይ ሞላ። መንዝ ግን ሌላ ነበር። የደቡቡ ገበሬ ጭሰኛ ነበርና አዋጁ ነፃ አወጣው፤ የመንዝ ገበሬ በአብዛኛው ባለ ርስት ነው፤ ድሃ፣ መሬቱ በዘር ተከፋፍሎ የጨርቅ እራፊ ያከለ፣ ግን ባለ ርስት። «በርስትና በሚስት ቀልድ የለም» የሚለው እኛው ነን። የራስ ብሩ ልጆች መስፍንና መርዕድ መንዝ ላይ ሲሸፍቱ የተከተላቸው ገበሬ ሁሉ የመሳፍንት አሽከር አልነበረም፤ ያቺን እራፊ መሬት የፈራ ነበረበት። እነሱም ተገደሉ፤ ነገሩ በዚያው ሰከነ።

ጓሳውስ? የርስት መብት ሲሻር አጽመ ርስቱም አብሮ ተሻረ። አለቃው አለቃ መሆኑ ቀረ። ጓሳው የሁሉም ሆነ። ያቺ ጎረቤታችን በዕድሜዋ ለመጀመሪያ ጊዜ ማጭድ ይዛ ጓሳ ወጣች። ተሸክማ ስትመለስ አይቻታለሁ፤ ሸክሙ ከእሷ ይበልጣል፣ ፊቷ አይታይም፣ እግሯ ብቻ ነው የሚታየው። እናቴ ደጅ ቆማ አየቻትና ምንም ሳትል ገባች።

ቀጥሎ የምነግራችሁን ለሰው ተናግሬው አላውቅም።

ከአዋጁ በኋላ ሁለተኛው ዓመት ይመስለኛል። ዘጠኝ ዓመቴ ነው። አባቴ በሌሊት ቀሰቀሰኝ። ጨረቃዋ ሙሉ ነበረች፣ ውርጩ ደግሞ እግር ይቆርጣል። ሁለት አህያ ይዘን ወደ ጓሳው ወጣን። እንዳይጮሁ አፋቸውን በገመድ ሸብቧቸዋል። የገበሬ ማኅበሩ «ለጊዜው አትጨዱ» ብሎ ነበር፤ እንግዲህ ሌብነት መሆኑ ነው። እኔ አህዮቹን እይዛለሁ፣ እሱ ጎንበስ ብሎ ያጭዳል። የማጭዱ ድምፅ፣ ሸርት፣ ሸርት ይላል። ትንሽ ቆይቶ ጆሮዬ ሲለምድ ድምፁ ከአባቴ በኩል ብቻ እንዳልሆነ ገባኝ። ከታች ሸርት ይላል። ከማዶ ሸርት ይላል። ሜዳው በሙሉ በጨለማ ውስጥ እየታጨደ ነበር። አባቴ አንድ ጊዜ ሳል አመለጠው። ከማዶ አንድ ሰው መልሶ ሳለ። ሰላምታ የለም። መንዝ ላይ ሁለት ሰው ተገናኝቶ የከብቱን፣ የልጁን፣ የበጉን ጤንነት ሳይጠያየቅ ሲቀር ያን ሌሊት ነው ያየሁት።

ቤታችን በዚያ ሣር ተከደነ። አያቴ፣ የአባቴ አባት፣ ክዳኑ ካለቀ በኋላ አልገባም አለ። ውጭ መደቡ ላይ ተቀመጠ። እራት ወጣለት።

«አባባ፣ ግባ እንጂ፣ ውርጭ ነው» አለው አባቴ።

«በእኛ ጊዜ ይሄ ቤት እሳት ነበር የሚበላው።»

«የእናንተ ጊዜ አልፏል። የሁሉም ነው ተብሏል እኮ።»

አያቴ ዝም አለ፣ ቆሎውን ቆረጠመ፣ ከዚያ «የሁሉም ከሆነ ጠባቂው ማነው? ስሙን ንገረኝ» አለ።

አባቴ መልስ አልነበረውም። በሦስተኛው ቀን ብርዱ ሲበረታ አያቴ ራሱ ገባ። ሽማግሌ ነውና ምን ያድርግ።

ብዙ ጊዜ ይህን ታሪክ በአያቴ አሸናፊነት ልጨርሰው እፈልግና እተወዋለሁ። አባቴም እኮ እውነት አለው። የሁሉም ሲባል ያቺ ሴት ገብታለች። አያቴ ስሙን የሚያውቀው ጠባቂ እሷን የሚያባርር ጠባቂ ነበር። የአዋጁ ጥፋት ድሃን ማስገባቱ አልነበረም፤ በሩን ሲከፍት ዘበኛውንም አብሮ ማባረሩ ነው። አዲስ የገባውና ነባሩ ተቀምጠው «መቼ እንዝጋ?» የሚባባሉበት ሸንጎ አልተተካም። ያን ሌሊት የሰማሁት የማጭድ ድምፅ የስግብግብነት ድምፅ አይመስለኝም። «እኔ ብተወው ሌላው አይተወውም» የሚል የፍርሃት ድምፅ ነበር።

ከዚያ የሆነው ነው የሚገርመኝ። ማንም ከላይ ሳያዝ፣ ሣሩ እየሳሳ ሲሄድ፣ የአካባቢው ሰዎች ከሚያውቁት ነገር ጀመሩ። ዕድር። ዕድርን የማያውቅ እዚህ አዳራሽ ውስጥ የለም፤ ድንኳን፣ ወንበር፣ የለቅሶ እንጀራ። ዕድር ዘር አይጠይቅም፤ እዚያ ቀበሌ የምትኖር ከሆነ አባል ነህ፣ ከቀረህ ትቀጣለህ። የጓሳውን ጥበቃ በዚህ መልክ አደራጁት። ከቄሮው መዝጋትና መክፈትን፣ ጥበቃንና አሰሳን ወሰዱ፤ የዘር ቆጠራውን ተዉት። ፍጹም አልነበረም፣ ሌባም አልጠፋም፤ ግን ጓሳው ተረፈ። እ.ኤ.አ. በ2012 ደግሞ የአማራ ክልል መንግሥት የማኅበረሰብ ጥብቅ ሥፍራ ብሎ በሕግ አወቀው። ወረቀቱ የመጣው መጨረሻ ላይ መሆኑን ልብ በሉልኝ።

ሣሩ ሲተርፍ ሌላውም ተረፈ። ቀይ ቀበሮ በዓለም ላይ ከአምስት መቶ አይበልጥም፤ ከቀሩት ጥቂት መጠጊያዎቹ አንዱ ጓሳ ነው። ጭላዳ ዝንጀሮው በመቶዎች ሆኖ ሣር እየነጨ ሲውል፣ ቀበሮው በመካከሉ ቀስ ብሎ ይራመዳል፤ የጭላዳውን ግልገሎች ዞር ብሎ አያይም። ተመራማሪዎች ቆጥረው እንዳገኙት፣ በጭላዳ መንጋ መካከል አይጥ ሲያድን ከሦስቱ ሙከራ ሁለቱ ይሳካለታል፤ ብቻውን ሲሆን ከአራት አንዱ ብቻ። አይጡ በጭላዳው እንቅስቃሴ እየተዘናጋ ይሆናል። እኛ ልጆች ሳለን ቀበሮው ለጭላዳው ዘበኛ የተቀጠረ ይመስለን ነበር።

ከናንተ አንዱ ሰሜን ተራሮችን ሳላነሳ ብቀር ቅር ይለዋል፤ አጭር ልበል። እዚያ ያለው መንገድ ሌላ ነው። በ1962 ዓ.ም. ብሔራዊ ፓርክ ሆነ፣ እ.ኤ.አ. በ1978 በዩኔስኮ የዓለም ቅርስነት ተመዘገበ፣ ወዲያው ደርግ ከገደሉ ሥር የነበሩ መንደሮችን በኃይል አስነሳ፤ ደርግ ሲወድቅ ሰዉ ተመለሰ። እ.ኤ.አ. በ1996 ቅርሱ አደጋ ላይ ካሉት መዝገብ ገባ። ከዚያ መዝገብ እንዲወጣ ሲባል ከተደረጉት አንዱ የጊች መንደር መነሳት ነው። 418 ቤተሰብ። ጊች የሙስሊሞች መንደር ነበረች፤ ከፍ ካለው ሜዳ ላይ ገብስ እየዘሩ፣ በግ እያረቡ የኖሩ። እ.ኤ.አ. በ2016 ካሳ ተሰጥቷቸው ወደ ደባርቅ ወረዱ። በዓመቱ፣ በ2017፣ ፓርኩ ከአደጋው መዝገብ ወጣ። ሜዳው ተግጦ መራቆቱ እውነት ነው፣ አልክድም፤ ዋልያውም ቦታ አጥቶ ነበር። ግን ከብትና እርሻ ብቻ የሚያውቅ ሰው ከተማ ዳር የብር ካሳ ይዞ ሲቀመጥ ብሩ ስንት ዓመት እንደሚቆይ እናንተም ታውቃላችሁ። ሰዉ ከወጣ ወዲህ ደግሞ፣ በቅርቡ በጦርነቱ ዓመታት፣ የዋልያው ቁጥር ክፉኛ ማሽቆልቆሉ ተዘግቧል። ጠመንጃ የያዘ ሰው ሲመጣ «ያ የኛ ነው፣ ተው» የሚለው ጎረቤት ቀድሞ ተነስቶ ነበር።

አሁን የማያስደስታችሁን ልንገራችሁ። ጓሳም ቢሆን ተረጋግቶ የተቀመጠ አይደለም። አንደኛ ቆርቆሮ መጣ። የእኔም እናት ቤት ዛሬ ቆርቆሮ ነው፤ ዝናብ ሲመጣ መነጋገር አይቻልም፣ ግን ማንም ወደ ሣር አይመለስም። ሣሩ ክዳን መሆኑ ሲቀር፣ የሚጠብቀው ሰው ለምን ብሎ ይጠብቅ? ለከብቱ፣ ለሽያጭ፣ ለእንግዳ ጎብኚ ይባላል። ይሆናል። አያቴ ግን ጓሳውን የጠበቀው ራሱ ላይ ዝናብ እንዳይወርድ ነው፤ ከዚያ የበለጠ ምክንያት የለም።

ሁለተኛው የባሰ ነው። አማራ ክልል ውስጥ መሬት ለመጨረሻ ጊዜ የተደለደለው በ1989 ዓ.ም. ነው። ያን ጊዜ ያልተወለደው ልጅ ዛሬ ልጅ ወልዷል። መሬት የለውም። ከአባቱ ላይ ቆርሶ ያርሳል፣ የሌላ ሰው ያርሳል፣ ወይ አዲስ አበባ መጥቶ የቀን ሥራ ይሠራል፣ ወይ ወደ አረብ አገር ለመሄድ ደላላ ይፈልጋል። ያ ልጅ በጓሳው ዳር ሲያልፍ የሚያየው ቅርስ አይደለም። መሬት ነው። ያልታረሰ፣ ባለቤቱ ቀበሮ የሆነ መሬት።

ከእነዚህ አንዱ የእህቴ ልጅ ነው። ሃያ አራት ዓመቱ ነው፣ አሥረኛ ክፍል ጨርሷል፣ መሬት የለውም። ባለፈው ጥር ለጥምቀት ስሄድ ወደ ጓሳው አብረን ወጣን። እኔ ይህንን ንግግር በአእምሮዬ እያዘጋጀሁ ነበር፤ ስለ አስቦና ጌራ፣ ስለ ዕድሩ፣ ስለ አያቴ ተናገርኩ ተናገርኩ። ልጁ በትህትና ሰማኝ። ድንበሩ ላይ፣ ገብሱ አልቆ ጓሳው የሚጀምርበት፣ ድንጋይ የተከመረበት ቦታ ስንደርስ ቆመ።

«ጋሼ፣ እርስዎ ጓሳው ውስጥ ድርሻ አለዎት?» አለኝ።

«የለኝም» አልኩት፤ «እዚህ ስለማልኖር ቀርቷል።»

«እኔስ?»

«አንተማ አለህ፤ ሲከፈት ታጭዳለህ።»

«አጭጄ የት ልከድንበት? ቤት የለኝም እኮ።»

ዝም አልኩ። ከኪሱ ቢላዋ አወጣና ጎንበስ ብሎ ከአንዱ የጓሳ እቅፍ ሥር አፈሩን ቆረሰና ዘረገፈው። ጥቁር ነው፣ እርጥብ ነው፣ ጥልቅ ነው፤ በደረቅ ጥር። በእጁ ጨመቀውና ወደኔ ዘረጋው።

«ይዩት እስቲ» አለኝ። «ከኛ ማሳ ጋር ያስተያዩት።»

አየሁት። ከዚያ ዞር ብሎ ገደሉን አየ፣ ሜዳውን አየ፤ አፈሩን ወደ ጉድጓዱ መለሰው፣ ሣሩን በላዩ አደረገ፣ በጫማውም ረገጥ ረገጥ አደረገው።

«ዝናብ ሲመጣ ይይዛል» አለኝና ወደ ቤት ወረድን።

አመሰግናለሁ። ሣሩ አዳራሹን ዞሮ ከጨረሰ ለእኔ መልሱልኝ፤ እህቴ ከድርሻዋ የላከችልኝ ነው።